ደመወዙ ጎጆ ያወጣል ወይ? የኮምቦልቻ ፋብሪካዎችና የወሎ ቤተሰብ

ከኩታበር፣ ከወረባቦ ወይም ከለጋምቦ ተነሥቶ ወደ ደሴና ወደ ኮምቦልቻ የሚወርድ አውቶቡስ ጣሪያው ላይ የማዳበሪያ ከረጢት አይጠፋበትም። ከነጋዴው ጭነት መካከል አፋቸው በገመድ የታሰረ፣ ስም የተጻፈባቸው ትናንሽ ከረጢቶች አሉ፤ በውስጣቸው የማሽላ ወይም የጤፍ ዱቄት፣ ሽሮ፣ በርበሬ፣ አንዳንዴም ጥቂት ምስርና ድንች ይገኛል። እነዚህ ለገበያ የሚሄዱ አይደሉም፤ ፋብሪካ ገብታ ለምትሠራ ልጅ እናቷ የላከችላት ስንቅ ናቸው። ኢንዱስትሪ በማኅበረሰብ ኑሮ ላይ የሚያመጣውን ለውጥ ለማስረዳት ከዕቅድና ከሪፖርት ይልቅ ከዚህ ከረጢት መነሣትን መርጫለሁ። ከተማ ገብታ ደመወዝተኛ የሆነች ልጅ ለወላጆቿ ገንዘብ ትልካለች ተብሎ ሲጠበቅ እህሉ ከወላጆቿ ወደ እርሷ የሚጓዝ ከሆነ፣ የፋብሪካው ሥራ በማን ትከሻ ላይ እንደ ቆመ መጠየቅ ተገቢ ነው።

በቅድሚያ ሁለት ነገሮችን መለየት ያስፈልጋል። የኢኮኖሚ ዕድገት የሚለካው በዓመቱ በተመረተው ዕቃና በተሰጠው አገልግሎት ዋጋ ነው። ማኅበራዊ ውጤት የምንለው ደግሞ ያ ምርት ሲመጣ የሰዎች ጊዜ፣ መኖሪያ፣ ጋብቻ፣ ጉርብትናና እርስ በርስ የመረዳዳት ልማድ እንዴት እንደ ተለወጠ ነው። የመጀመሪያው በየዓመቱ ይቆጠራል፣ በዜናም ይነገራል። ሁለተኛው የሚታየው በየቤቱ ውስጥ ስለሆነ በቁጥር የሚይዘው ሰው ጥቂት ነው፤ ሆኖም አንዲት ልጅ በፋብሪካው ለመቆየት ወይም ጥላ ለመሄድ ስትወስን የምታመዛዝነው ይህንኑ ነው።

ኮምቦልቻ ከአዲስ አበባ በስተሰሜን 375 ኪሎ ሜትር ገደማ፣ ከደሴ ደግሞ 25 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ፣ በቦርከና ወንዝ ሜዳ ላይ የተቆረቆረች ከተማ ናት። ለፋብሪካ ያጫት መንገድ ነው። ከአዲስ አበባ ወደ ደሴና ወደ መቀሌ የሚወጣው አውራ ጎዳና በባቲና በሚሌ አድርጎ ወደ አሰብ ከሚወርደው መንገድ ጋር የሚገናኘው እዚያው ነው። በ1990 ዓ.ም. ከኤርትራ ጋር የተነሣው ጦርነት የአሰብን በር ከዘጋ በኋላም ያው መንገድ በሚሌ በኩል ወደ ጅቡቲ ያደርሳል። በ1970ዎቹ የደርግ መንግሥት የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ አቆመባት፤ ቆርቆሮና ሚስማር የሚያመርተው የብረታ ብረት ፋብሪካ፣ የቆዳ ፋብሪካው፣ የሥጋ ማቀነባበሪያውና የቢራ ፋብሪካውም የከተማዋን ስም ከኢንዱስትሪ ጋር አስተሳሰሩት። በሐምሌ 2009 ዓ.ም. ደግሞ በ75 ሄክታር ላይ፣ በ90 ሚሊዮን ዶላር ገደማ ወጪ በአንድ የቻይና ተቋራጭ የተሠራው የኮምቦልቻ ኢንዱስትሪ ፓርክ ተመረቀ፤ ለውጭ ገበያ የሚሰፉ አልባሳትና መሰል ምርቶችን የሚያመርቱ ኩባንያዎችም ሼዶቹን መከራየት ጀመሩ።

ወሎ ፋብሪካን ለምን በተስፋ እንደ ተቀበለ ለመረዳት ዝናቡን ማስታወስ ይበቃል። በ1966 ዓ.ም. ድርቁ ያፈናቀላቸው ገበሬዎች ወደ አውራ ጎዳናው ወጥተው ደሴና ኮምቦልቻ መንገድ ዳር ሲወድቁ አገር አይቷል፤ በ1977 ዓ.ም. በኮረም ሜዳ የሆነውን ደግሞ ዓለም አይቷል። ከዚያ በኋላ ብዙ የወሎ ቤተሰብ በሠፈራ ወደ ደቡብ ምዕራብና ወደ ምዕራብ ኢትዮጵያ ተጓዘ። መሬቱም ጠቧል። በአማራ ክልል የመጨረሻው ሰፊ የመሬት ሽግሽግ የተደረገው በ1989 ዓ.ም. ስለሆነ፣ ከዚያ ወዲህ ለአቅመ አዳምና ለአቅመ ሔዋን የደረሰው ትውልድ መሬት የሚያገኘው ከወላጆቹ ድርሻ ተቆርሶለት ነው፤ ድርሻው ራሱ በብዙ ቤት ከአንድ ሄክታር አይሞላም። በእንዲህ ያለ አገር ዝናብ ቢቀርም በወሩ መጨረሻ የሚመጣ ገንዘብ ትልቅ ነገር ነው። የፋብሪካን ችግር የሚዘረዝር ሰው ይህን ካላስቀደመ የወሎን ሰው ተስፋ አቃልሎ ያየዋል ብዬ አምናለሁ።

እዚህ ላይ ብዙ የማይነገርለትን አንድ በጎ ለውጥ ላንሣ። በአገራችን ልማድ ሸማ የሚሠራው፣ ቆዳ የሚያለፋውና ብረት የሚቀጠቅጠው ሰው ሲናቅ ኖሯል። ሸማኔ፣ ፋቂ፣ ቀጥቃጭ የሚሉት ቃላት የሙያ መጠሪያ ብቻ አልነበሩም፤ ጋብቻ የሚከለከልባቸው፣ ቡዳ ተብሎ የሚፈራባቸው፣ ሰው ከማዕድ ገሸሽ የሚደረግባቸው ስሞች ነበሩ። የኮምቦልቻን ነባር ፋብሪካዎች ዝርዝር ስንመለከት ግን ጨርቃ ጨርቅ፣ ቆዳና ብረታ ብረት ናቸው፤ ማለትም እነዚያው ሦስት የተናቁ ሙያዎች ናቸው። ገበሬው ሲሸሸው የኖረው ሥራ በር፣ መታወቂያና የወር ደመወዝ ሲኖረው ልጁን ለማስቀጠር ዘመድ የሚፈልግበት ሥራ ሆነ። የሙያ ንቀቱ ከገጠር ፈጽሞ ጠፍቷል ማለት አይቻልም። ነገር ግን የቆዳ ፋብሪካ ሠራተኛ ልጁን ሲድር ፋቂ ነህ ብሎ የሚመልሰው ሰው በከተማ ብርቅ እየሆነ መምጣቱ፣ ስብከትና አዋጅ በብዙ ዘመን ያልቻሉትን ደመወዝ በአንድ ትውልድ ማሳካቱን ያሳያል።

ጊዜ ሲለወጥ

ገበሬ ሥራውን የሚቆጥረው በወቅት ነው። በሰኔና በሐምሌ ሲያርስና ሲዘራ፣ በኅዳርና በታኅሣሥ ሲያጭድና ሲወቃ ዕረፍት አያውቅም፤ በጥርና በየካቲት ግን ሠርግ ይደግሳል፣ የተጣላ ያስታርቃል፣ የዘገየበትን ለቅሶ ይደርሳል። የሚካኤሉና የማርያሙ ቀን፣ ጁምዓውና መውሊዱ ለሥራው ልክ ያበጁለታል። ወንፈልና ጅጌ ደግሞ የጉልበት ብድር ናቸው፤ ዛሬ በጎረቤቱ ማሳ የዋለ ሰው ነገ ጎረቤቱ በእርሱ ማሳ ይውልለታል፤ ብድሩ በወረቀት ባይጻፍም ያልመለሰ ሰው አገር ያውቀዋል።

ፋብሪካ ይህን ሁሉ በሺፍት ይተካዋል። ይህን የሚያደርገው በክፋት አይደለም፣ የአሠራሩ ጠባይ ነው። በልብስ ስፌት መስመር ላይ የተደረደሩት ሠራተኞች እያንዳንዳቸው የልብሱን አንድ ክፍል ብቻ ነው የሚሠሩት፤ እጅጌ የምትገጥመው ልጅ ብትቀር ቀጥላ የተቀመጠችው የምትሰፋው ታጣለች፤ የመስመሩ የቀን ታርጌት ይጓደላል፤ ወቀሳውም ለሁሉም ይደርሳል። ስለዚህ መቅረት በአገር ቤት እንደ ምክንያቱ የሚታይ ሲሆን በፋብሪካ ግን መቅረት መቅረት ነው። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ሠራተኛ ሲያገባ ወይም የቅርብ ዘመድ ሲሞትበት 3 የሥራ ቀን ከደመወዝ ጋር ይፈቅድለታል። በወሎ ግን ለቅሶ የሚደረሰው ለቅርብ ዘመድ ብቻ አይደለም፤ ለጎረቤት፣ ለአማች፣ ለአብሮ አደግ፣ እስላም ክርስቲያን ሳይባል ለሠፈሩ ሰው ሁሉ ነው። ልጅቱ የፋብሪካውን ሕግ ስታከብር የቀዬዋን ሕግ ትጥሳለች፤ የቀዬዋን ስታከብር ከደመወዟ ይቆረጣል። ገጠር ያሉ ወላጆች ልጃችን ከተማ ገብታ ልቧ ደነደነ እያሉ የሚያዝኑበት ነገር ብዙ ጊዜ የልብ ሳይሆን የሺፍት ጉዳይ ነው።

ይህ ግጭት በእኛ አልተጀመረም። በእንግሊዝ አገር ከ9 ዓመት በታች ያሉ ሕፃናት በጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ እንዳይሠሩ የሚከለክለው ሕግ የወጣው በ1833 እ.ኤ.አ. ነው፤ የሴቶችና የወጣቶች የሥራ ቀን በ10 ሰዓት የተወሰነው ደግሞ በ1847 እ.ኤ.አ. ነው፤ ሁለቱም ፋብሪካዎቹ ከተስፋፉ ከብዙ ዓመታት በኋላ፣ በሠራተኞችና በደጋፊዎቻቸው ረጅም ትግል የተገኙ ናቸው። የእኛ ሕግ በቀን 8፣ በሳምንት 48 ሰዓት ብሎ ከመነሻው ወስኗል። ሕጉ ቀድሞ መኖሩ ዕድል ነው፤ የሚቀረው በመስመሩ ላይ መከበሩን የሚያየው ተቆጣጣሪ በቂ መሆኑ ነው።

ደመወዙና ከረጢቱ

አንድ ደመወዝ በቂ ነው የሚባለው ምን ምን ሲሸፍን ነው? የዛሬን ምግብና የቤት ኪራይ መሸፈኑ የመጀመሪያው ነው። ከዚያ በላይ ግን ሰው ይታመማል፣ ይወልዳል፣ ያረጃል፤ ደመወዝ ይህንንም ካልቻለ ሠራተኛው ራሱን ችሎ አልቆመም ማለት ነው። አማርኛችን ለዚህ ጥሩ ቃል አለው፤ ጎጆ መውጣት ይባላል። ጎጆ የወጣ ሰው ከእናቱ ማጀት አይጎርስም፤ የራሱ ጉልቻ አለው። እንግዲህ ስለ ፋብሪካ ደመወዝ የሚጠየቀው ዋናው ጥያቄ ጎጆ ያወጣል ወይ የሚለው ነው።

መልሱን በአንድ ቁጥር እንጀምር። በ2011 ዓ.ም. የኒው ዮርክ ዩኒቨርሲቲ ያወጣው አንድ ጥናት በሀዋሳ ኢንዱስትሪ ፓርክ የጀማሪ ሠራተኛ መነሻ ደመወዝ በወር 26 ዶላር ያህል እንደ ነበረና ይህም ልብስ ሰፍተው ወደ ውጭ ከሚልኩ አገሮች ሁሉ ዝቅተኛው እንደ ሆነ ገልጿል። ሀዋሳ ከወሎ ሩቅ ናት። ነገር ግን የውጭ ባለሀብት ወደ ፓርኮቹ ሁሉ ሲጠራ የቀረበለት ግብዣ አንድ ዓይነት ነበር፤ ርካሽ ጉልበትና ርካሽ መብራት። ለግሉ ዘርፍ ዝቅተኛ የደመወዝ ወለል አልተበጀም። አዋጅ 1156/2011 ዝቅተኛውን ደመወዝ የሚያጠና ቦርድ እንደሚቋቋም ቢደነግግም ጉዳዩ ለዓመታት ሳይቋጭ ቆይቷል።

ከእጅ ወደ አፍ እንኳ የማይደርስ ደመወዝ ይዘው ሠራተኞቹ እንዴት ይኖራሉ? አራትና አምስት ሆነው አንድ ክፍል ይከራያሉ፤ ድስቱን በጋራ ይጥዳሉ፤ ቀሪውን ደግሞ ከረጢቱ ይሞላዋል። የሒሳቡን ትርጉም በቀጥታ ልግለጸው። ፋብሪካው ለአንዲት ሠራተኛ ጉልበት ሙሉ ዋጋ ሳይከፍል ሥራውን የሚያስቀጥለው፣ የጎደለውን የገጠሩ ቤት ስለሚከፍልለት ነው። ይህ ድጎማ በማንም በጀት አይመዘገብም። የሚደጉመውም ባለጠጋ ቤት አይደለም። ብዙ የወሎ ወረዳዎች ከ1997 ዓ.ም. ጀምሮ በሴፍቲኔት የታቀፉ ናቸው፤ እናቲቱ ድንጋይ ተሸክማ እርከን ሠርታ ያገኘችው እህል በልጇ ስንቅ በኩል ዞሮ፣ ባሕር ማዶ በርካሽ የሚሸጠውን ልብስ ዋጋ ዝቅ ያደርጋል። በጣም ድሃ የሆነው ቤት ለዓለም ገበያ ድጎማ ከፋይ ሆኗል ማለት ነው። ስለ ልማት በሚደረግ ውይይት ይህ ነጥብ ደጋግሞ ሲዘለል ማየት ያሳዝነኛል።

ሠራተኞች ቶሎ ቶሎ ሥራ መልቀቃቸው ሲነሣ ብዙ ጊዜ የሚሰጠው ምክንያት የሥራ ባህል ማነስ ነው። ይህ ፍርድ ከማስረጃው ጋር አይገጥምም። ሁለት የውጭ አገር የምጣኔ ሀብት ተመራማሪዎች በኢትዮጵያ ባሉ አምስት ድርጅቶች ለሥራ ከተመዘገቡ 1,000 ያህል አመልካቾች መካከል በዕጣ የተወሰኑትን አስቀጥረው፣ ሌሎችን ደግሞ ገንዘብና ሥልጠና ሰጥተው የራሳቸውን ሥራ እንዲጀምሩ አድርገው ተከታተሏቸው። በ2010 ዓ.ም. ታትሞ በወጣው ውጤት መሠረት ፋብሪካ ከገቡት ሲሶው በመጀመሪያው ወር፣ ከመቶ 77ቱ ደግሞ በዓመቱ ውስጥ ለቀዋል። ገቢያቸው ካልተቀጠሩት አልበለጠም፤ ከባድ የጤና እክል ግን በእጥፍ ያህል ጨምሯል። በአንጻሩ ገንዘብና ሥልጠና ያገኙት ገቢያቸው በሲሶ አድጓል። ይህን ያየ ሰው ሥራ የለቀቀችውን ልጅ ሰነፍ ሊላት አይገባም፤ አስልታ ነው የወጣችው።

ስሌቷ ውስጥ ዓረብ አገር አለ። ከቃሉ፣ ከወረባቦ፣ ከሐብሩ፣ ከራያ ቆቦና ከከሚሴ አካባቢ ወጣቶች በባቲና በአፋር በረሃ አቋርጠው፣ በጅቡቲ ኦቦክ በኩል በጀልባ ወደ የመንና ወደ ሳውዲ መጓዛቸው ከኮምቦልቻ ፓርክ ይቀድማል። በ2006 ዓ.ም. ሳውዲ ዓረቢያ በጥቂት ወራት ውስጥ ከ160,000 በላይ ኢትዮጵያውያንን ስትመልስ ከተመላሾቹ ብዙዎቹ የወሎ ልጆች ነበሩ። ያም ሆኖ ጉዞው አልቆመም። በየቀበሌው አንድ ቆርቆሮ ቤት ከሣር ቤቶች መካከል ብቅ ሲል ማን እንደ ሠራው ሰው ሁሉ ያውቃል፤ ልጅቱ ከዓረብ አገር የላከችው ብር ነው። የፋብሪካ ደመወዝ የሚወዳደረው ከዚያ ቆርቆሮ ጋር ነው። ደላላውን ማሰር፣ በሬዲዮ ስለ ስደት አስከፊነት ማስተማር የራሱ ጥቅም አለው፤ ነገር ግን የበረሃውን አደጋ ልጅቱ ሳታውቅ አይደለም የምትሄደው፤ እዚህ ያለው ሥራ ጎጆ ስለማያወጣት ነው።

ፋብሪካው ለሴት ልጅ የሚያመጣው ነገር ግን በደመወዙ መጠን ብቻ አይመዘንም። ሕጋችን የጋብቻን ዕድሜ 18 ብሎ ቢወስንም በገጠር ከዚያ በፊት የሚድሩ ቤተሰቦች ዛሬም አሉ። በባንግላዴሽ የተደረገ ጥናት የልብስ ፋብሪካ በሚደርስበት ርቀት የሚኖሩ ልጃገረዶች ዘግይተው እንደሚያገቡ፣ ዘግይተው እንደሚወልዱና በትምህርት ገበታ ላይ የበለጠ እንደሚቆዩ አሳይቷል። ምክንያቱ ለመረዳት አይከብድም። ወላጅ ልጁን ቶሎ የሚድረው ሌላ የሚያኖራት ነገር ስለማይታየው ነው፤ ሥራ ካለ መጠበቅ ይቻላል። የወሎ እናቶችም ዱቄቱን አሽገው የሚልኩት የልጃቸው በራሷ ስም ደመወዝ መቀበል፣ በራሷ ስም የባንክ ደብተር መያዝ እነርሱ ያላገኙት ነገር መሆኑን ስለሚያውቁ ጭምር ይመስለኛል። ሕጉም ለምትወልድ ሠራተኛ 30 ቀን ከወሊድ በፊት፣ 90 ቀን ከወሊድ በኋላ ከደመወዝ ጋር ፈቃድ ይሰጣታል። ከወለደች በኋላ ግን ሕፃኑን ማን ይይዝላታል? አያቱ ገጠር ናት፤ የሕፃናት ማቆያ ያለው የሥራ ቦታ ጥቂት ነው። ብዙዎቹ ልጁን ለአያቱ ይልኩታል ወይም ሥራውን ይተዋሉ። አያቲቱ አሁን ከዱቄቱ በተጨማሪ የልጅ ማሳደጉንም ተሸከመች ማለት ነው። የማታ ሺፍት ጨርሳ በጨለማ ወደ ኪራይ ቤቷ የምትሄድ ልጅ ሰርቪስ ከሌላት የሚገጥማትም ስጋት ከዚህ ያነሰ አይደለም።

ኪራይና ቅሬ

ፋብሪካ በመጣ ቁጥር የቤት ኪራይ ይወደዳል። ግቢ ያለው የከተማ ሰው ከዋናው ቤት ጀርባ ጠባብ ክፍሎችን ደርድሮ ያከራያል፤ ለእርሱ ልማቱ ፈጥኖ ደርሶታል። ተከራይዋ ግን የጨመረላት ደመወዝ ካለ በኪራዩ በኩል መልሶ ይወጣል። ለሠራተኛ መኖሪያ ሳይሠሩ ፓርክ መሥራት የሚያስከትለው ይህን ነው።

ከኪራዩ ይልቅ ጠለቅ ያለው የቅሬ ጉዳይ ነው። ሌላው አገር እድር የሚለውን በወሎ ቅሬ እንለዋለን፤ ቅሬ ግን ከመቅበርና ከማስተዛዘን አልፎ ሠፈሩ የሚመክርበት፣ የተጣላ የሚታረቅበት፣ ያጠፋ የሚቀጣበት ሸንጎም ጭምር ነው። በቅሬ ያለ ሰው ሲታመም ቃሬዛ ተሸካሚ፣ ሲሞት ቀባሪ፣ ቤቱ ሲቃጠል ገንቢ አያጣም። መዋጮው ቀላል ነው፤ ከባዱ በአካል መገኘቱ ነው። በሺፍት የምትሠራ፣ በየስድስት ወሩ ቤት የምትለዋውጥ ተከራይ በቅሬ አትመዘገብም። ገጠር ባለው የአባቷ ቅሬም ስሟ እየደበዘዘ ይሄዳል። ይህች ልጅ ከተማ ውስጥ ብትታመም የሚያስታምማት አብራ የምትኖረው የሥራ ጓደኛዋ ናት፤ እርሷም ከቀረች ደመወዟ ይቆረጣል። ወጣቶቹ ባዶውን የሚሞሉበት መንገድ አላቸው፤ በመስመራቸው ዕቁብ ይጥላሉ፣ የአንድ ወረዳ ልጆች ተጠራርተው ለታመመው ያዋጣሉ። እንዲህ ያለው ትስስር ሥር እስኪሰድ ግን ዓመታት ይፈጃል፤ ሠራተኛው በየዓመቱ የሚለዋወጥ ከሆነ ደግሞ ሥር መስደጃ ጊዜ የለውም።

ወንዙም የማኅበራዊ ኑሮ አካል ነው። የኮምቦልቻ ፋብሪካዎች ፍሳሽ በትናንሽ ወንዞች በኩል ወደ ቦርከና ይገባል፤ ቦርከና ደግሞ በከሚሴ በኩል ወርዶ ከአዋሽ ይቀላቀላል። ተመራማሪዎች በእነዚህ ትናንሽ ወንዞች ላይ ባደረጉት ልኬት ከቆዳ ፋብሪካ የሚመጣ ክሮሚየም፣ ከብረታ ብረት ፋብሪካ የሚመጣ ዚንክ አግኝተዋል። ክሮሚየም ቆዳው እንዳይበሰብስ ለማድረግ የሚገባበት ኬሚካል ነው፤ ከፍሳሹ ሳይጣራ ከወጣ በወንዙ ደለል ውስጥ ይቀራል። ከታች ያለው ሰው በዚያው ውኃ ከብቱን ያጠጣል፣ አትክልቱን ያለማል፣ ልብሱን ያጥባል። ጥቅሙና ጉዳቱ በአንድ ቤት አልወደቁም፤ ደመወዙ ላይኛው ሠፈር ይከፈላል፣ የውኃው ዕዳ ታችኛው ሠፈር ይደርሳል፤ ታችኛው ሠፈር ደግሞ ፋብሪካው ሲተከል አልተጠየቀም።

መሬት የለቀቁት

በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሠረት መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፤ ገበሬው የመጠቀም መብት አለው። ለሕዝብ ጥቅም ሲፈለግ ካሳ ተከፍሎት ይለቃል። ፓርኩ በተሠራበት ዘመን ይሠራ የነበረው አዋጅ ቁጥር 455/1997 ለዘለቄታው ለተነሣ ገበሬ ከመነሣቱ በፊት በነበሩት አምስት ዓመታት ያገኘውን አማካይ ዓመታዊ ገቢ በ10 አባዝቶ ይከፍል ነበር። በኋላ የተተካው አዋጅ ቁጥር 1161/2011 ተመጣጣኝ ምትክ መሬት ላላገኘ ሰው ባለፉት ሦስት ዓመታት ካገኘው ከፍተኛውን ዓመታዊ ገቢ ወስዶ በ15 ያባዛል። የተሻሻለ ነገር መኖሩ አይካድም።

ሆኖም የሁለቱም ስሌት መነሻ እህሉ ነው፤ መሬቱ ግን እህል ብቻ አልነበረም። ለልጅ ጎጆ ሲወጣ የሚቆረስለት፣ ክፉ ቀን ሲመጣ ለእኩል አራሽ የሚሰጥ፣ ሲያረጁ የሚጦር፣ በቅሬውና በሽምግልናው ፊት ሰውየውን ባለአገር የሚያሰኘው መሬቱ ነው። ካሳው በአንድ ጊዜ በእጅ የሚገባ ብር ነው። ብዙ ገንዘብ ይዞ የማያውቅ አርሶ አደር ከተማ ዳር ቤት ይሠራበታል፣ ባጃጅ ይገዛበታል፣ የልጆቹን ሠርግ ይደግስበታል፤ በጥቂት ዓመታት ውስጥም በቀድሞ ማሳው ላይ በቆመው አጥር በር ጥበቃ ሆኖ ሊቀጠር ይችላል። የይዞታ ደብተሩ የባልና የሚስትን ስም በጋራ ስለሚይዝ ካሳው የሁለቱ ነው፤ ብሩ የሚወጣበትን ጉዳይ ሁለቱ እኩል ይመክሩበታል ወይ የሚለው ግን በየቤቱ ይለያያል። ከሁሉ በላይ ያልተካሰው ገና መሬት ያልደረሰው ልጅ ነው፤ ስሙ በደብተሩ ላይ የለም፤ ተስፋው ግን በመሬቱ ላይ ነበር። ካሳውን በከፊል በየዓመቱ የሚገባ ገቢ አድርጎ መክፈል፣ ወይም ለተነሺዎች በፓርኩ ዙሪያ የሱቅና የሼድ ድርሻ መስጠት ለዚህ ችግር የቀረበ መፍትሔ ነው ብዬ አምናለሁ፤ አንድ ጊዜ ተቆጥሮ የሚያልቅ ብር ግን እንደ መሬት አይተካም።

ይህ ሁሉ የተፈተነው በ2014 ዓ.ም. ነው። በጥቅምት ወር የሕወሓት ኃይሎች ደሴንና ኮምቦልቻን ያዙ፤ በኅዳር መጨረሻ ከተሞቹ በመንግሥት ጦር እጅ ሲመለሱ ፓርኩና ፋብሪካዎቹ ተዘርፈውና ተጎድተው ተገኙ። ከታኅሣሥ 23 ቀን 2014 ዓ.ም. ጀምሮ ደግሞ አሜሪካ ኢትዮጵያን ከአጎዋ አስወጣች። አጎዋ የአፍሪካ ምርቶች ያለ ቀረጥ ወደ አሜሪካ ገበያ እንዲገቡ የሚፈቅድ የአሜሪካ ሕግ ነው፤ ለዚያ ገበያ ለሚሰፋ ኩባንያ ኢትዮጵያን እንዲመርጥ ካደረጉት ምክንያቶች አንዱ ይኸው ነበር። በቱርክ ተቋራጭ የተሠራውና ከአዋሽ በኮምቦልቻ አድርጎ ሐራ ገበያ እንዲደርስ የታቀደው 390 ኪሎ ሜትር ያህል የባቡር መስመርም በዚያው ጦርነት ጉዳት ደረሰበት።

ሥራ ያጣች ሠራተኛ በሕጉ መሠረት የሥራ ስንብት ክፍያ ሊገባት ይችላል፤ ለመጀመሪያው ዓመት አገልግሎት የ30 ቀን ደመወዝ ያህል ነው። ደመወዙ ትንሽ ስለሆነ ክፍያውም ትንሽ ነው። ሥራ ላጣ ሰው በየወሩ የሚከፍል መድን በአገራችን የለም። ስለዚህ ፋብሪካ ሲዘጋ የሚሆነው ያው የታወቀው ነው፤ ልጅቱ ፍራሿን ጠቅልላ ስንቁ ወደ መጣበት ቤት ትመለሳለች። በደህናው ቀን ደመወዟን ሲሞላ የነበረው ቤት በክፉው ቀን ደግሞ መድኗ ይሆናል፤ በ2014 ዓ.ም. ደግሞ ያ ቤት ራሱ ጦርነቱ ያለፈበት፣ ጎታው የተራቆተ ነበር። ወላጆቿ ማሳቸውን ለፋብሪካ ለቀው፣ የካሳው ብር ያለቀባት ልጅ ግን ከኮምቦልቻ ወጥታ የምትመለስበት ቤት የላትም፤ ስንቅ የሚልክላትም ስለሌለ ከረጢቷ ከመጀመሪያውም አውቶቡሱ ላይ አልነበረም።